አሸዋ የለበሰው ወንዝ

በልጆች ተረት ውስጥ ያለ አስማተኛ ወንዝ ወይ ይናገራል፣ ወይ ወርቅ ያፈልቃል፣ ወይ ደግሞ ሽማግሌውን ጎረምሳ ያደርጋል። እኔ ደቡብ ኦሞ ውስጥ፣ ካኮ በመምህርነት በቆየሁባቸው ሁለት ዓመታት ያወቅሁት ወንዝ ግን ከዚህ ሁሉ ይብሳል፤ ውሃው አይታይም። ዳርና ዳሩ ግራር የቆመበት፣ እንደ ሰፊ ጎዳና የተዘረጋ አሸዋ ነው። መጀመሪያ ሰሞን ውሃ የሚቀዱ ተማሪዎቼን ተከትዬ ወደ ቆላው ወረድኩና “ወንዙ የት ነው?” አልኳቸው። አንዷ ሳቋን መቆጣጠር እያቃታት “ቲቸር፣ እየረገጡት ነው እኮ!” አለችኝ።

ካኮ በበና ፀማይ ወረዳ ያለች ትንሽ ከተማ ናት። ከዚያ ወደ ፀማይና ወደ ሐመር ቆላ ሲወረድ እንዲህ ያለ ወንዝ ብዙ ነው፤ ቱርሚ አጠገብ ያለውን ካስኬን ለጉብኝት የሄደ ሰው ሁሉ ያውቀዋል። የዓመቱን አብዛኛውን ጊዜ ላዩ ደረቅ ነው። ሴቶችና ልጃገረዶች ግን በእጃቸውና በቅል አሸዋውን ይጭራሉ። ዝናቡ በቅርብ ከነበረ ክንድ ያህል ይበቃል፤ ድርቁ ሲበረታ ጉድጓዱ የሚቆፍረውን ሰው ይውጠዋል፤ ከላይ የሚታየው የሚወረወረው አሸዋ ብቻ ነው። ታችኛው አሸዋ ይጠቁራል፣ ይረጥባል፣ ከዚያ ውሃው ቀስ እያለ ይሰበሰባል። አንድ ቅል ይቀዳል፤ ይጠበቃል፤ ደግሞ አንድ ቅል። ባለ 20 ሊትሩን ጀሪካን እስኪሞሉ ተራ የሚጠብቁ ልጆች ጠዋት ክፍል ዘግይተው ሲገቡ “ለምን አረፈድሽ?” ብሎ መጠየቁን ቶሎ ነው የተውኩት።

አስማቱ ሲፈታ እንዲህ ነው። በአሸዋ ፍሬዎች መካከል ክፍተት አለ። ውሃ የጠገበ አሸዋ ከይዘቱ ሩብ እስከ ሲሶ የሚሆነው ውሃ ሊሆን ይችላል። ከወንዙ ስር አለት ወይም ጭቃ ካለ ውሃው ወደ ታች አይሰርግም። ፀሐይም ከላይ ያለውን ካደረቀች በኋላ ከግማሽ ሜትር በታች ያለውን እንደ ልቧ አታገኘውም። እዚያ በረሃ ላይ ኩሬ ቢኖር በጥቂት ወራት ተንኖ ያልቃል፤ የወባ ትንኝም ይፈለፈልበታል። አሸዋ ውስጥ ያለው ውሃ ግን ክዳን ያለው ጋን ውስጥ እንዳለ ነው። አለት ወንዙን አቋርጦ ብቅ ያለበት ቦታ ካለ፣ ከአለቱ በላይ በኩል መቆፈር ያዋጣል፤ ውሃው እዚያ ተገድቦ ይተኛልና። ዝንጀሮ እንኳ አሸዋ ጭሮ ይጠጣል። ኬንያ ውስጥ ኪቱይና ማቻኮስ፣ እኛ ጋ ደግሞ ቦረና፣ ይህንኑ በሰው እጅ ሠርተውታል፤ ወንዙን በአጭር ግንብ ይዘጉታል፣ ጎርፉ አሸዋ ይሞላዋል፣ አሸዋው ውሃውን ይይዛል።

እናት የሆናችሁ አንባቢዎች “ታዲያ ንጹሕ ነው?” ማለታችሁ አይቀርም። አሸዋው መጠነኛ ማጣራት ያደርጋል። ችግሩ ጉድጓዱ ከተከፈተ በኋላ ነው፤ ከብቱ ይገባበታል፣ እግር ይገባበታል። አሮጊቶቹ የሰውን ጉድጓድ ከላይ፣ የከብቱን ከታች አድርገው፣ የሰውን በእሾህ ሲያጥሩት አይቻለሁ። እኔ ግን አፍልቼ ነበር የምጠጣው፤ ዛሬም የምመክረው ይህንኑ ነው።

እኔን የሚያሳስበኝ ጋኑ ራሱ ነው። ከተሞቻችን ሲያድጉ ለብሎኬትና ለልስን አሸዋ ያስፈልጋል፤ አሸዋ ደግሞ የሚጫነው ከወንዝ ነው። ውሃ የሚፈስበት ወንዝ ላይ አሸዋ ሲነሳ ውሃው ይቀራል። እዚህ ግን ገልባጭ መኪናው ይዞ የሚሄደው የውሃውን ቤት ነው። አለቱ እስኪገጥጥ የተዛቀ ወንዝ ላይ ጎርፍ ይመጣል፣ ያልፋል፣ ምንም አይተውም። ኬንያ ውስጥ የማኩዌኒ ካውንቲ ይህ ስላስመረረው እ.ኤ.አ. በ2015 የአሸዋ ጥበቃና አጠቃቀም ሕግ አውጥቶ፣ የሚከታተል መሥሪያ ቤትም አቋቁሟል። ለአሸዋ ሕግ! አዲስ አበባ ተቀምጦ ለሚሰማው ያስቅ ይሆናል። በቅል ለሚቀዳ ሰው ግን አያስቅም።

አገራችን በእንዲህ ያለ ወንዝ ድሃ አይደለችም። ባሌ ውስጥ ወይብ ሶፍ ኡመር ሲደርስ ዋሻ ይገባና በሌላ በኩል ይወጣል። አዋሽ ያን ሁሉ አገር አቋርጦ ባሕር ሳያይ አቤ ሐይቅ ላይ ይቀራል። የአሸዋው ወንዝ ግን ከሁሉም የሚለይበት ሌላ ጠባይ አለው፤ ዝናብ ሳይዘንብ ይሞላል።

ማለቴ፣ እናንተ ባላችሁበት ሳይዘንብ። ደጋው ላይ የዘነበው ሰዓታት ቆይቶ ቆላ ይደርሳል፤ እዚያ ደግሞ ሰማዩ ጥርት ያለ ነው፣ ልጆች ጉድጓድ ውስጥ ናቸው፣ ፍየሎች አሸዋው ላይ ተኝተዋል። ደራሽ የሚባለው ለዚህ ነው። በ1998 ዓ.ም. ክረምት አገሩ ሁሉ አይቶታል። ሐምሌ 30 ሌሊት፣ ሐረርጌ ደጋ ላይ የጣለው ዝናብ በደቻቱ ወርዶ ድሬዳዋን ሲመታ ከ200 በላይ ሰው ሞተ። ደቻቱ እኮ በአዘቦት ቀን ሰው የሚሻገርበት፣ ገበያ የሚዘረጋበት አሸዋ ነው። ሳምንት ያህል ቆይቶ ኦሞ ሞልቶ ዳሰነች ላይ ከ360 በላይ ሰዎች መሞታቸው ተዘገበ።

በናዎቹ ልጆቻቸውን የሚያስጠነቅቁት በጥቂት ነገር ነው። ተራራው ከጠቆረ ጉድጓድ አይገባም። ከላይ በኩል ቀዝቃዛ ነፋስ ከመጣ፣ እርጥብ አፈር ከሸተተ፣ እንደ መኪና ያለ ድምፅ ከተሰማ ጀሪካን አይነሳም፤ ተጥሎ ይሮጣል። መጀመሪያ የሚደርሰው ውሃ ሳይሆን ቅጠል፣ ጭራሮና አረፋ ነው፤ እሱን ቆሞ ማየት የለም። በደቡብ ኦሞ ዋናው ዝናብ ከመጋቢት እስከ ግንቦት፣ አነስተኛው ከመስከረም እስከ ኅዳር ነውና፣ በነዚህ ወራት ቤተሰብ ይዛችሁ በመኪና የምትወርዱ አሸዋው ላይ ለምሳ አትቀመጡ፣ ድንኳንም አትትከሉ። ወንዙ ሞልቶ ካገኛችሁት ደግሞ ሾፌሩን አትገፋፉት። ጉልበት የደረሰ ውሃ መኪና ያነሳል፤ የአካባቢው ሾፌሮች ግራር ስር ተጋድመው ሰዓታት ይጠብቃሉ።

ይጎድላልና። ከሰዓት የተነሳው ጎርፍ ብዙ ጊዜ በማግስቱ ጠዋት የለም። አሸዋው ተስተካክሎ፣ ዱካ ሁሉ ጠፍቶ፣ ያለፈው ሳምንት ጉድጓዶች ተደፍነው ይገኛሉ። ልጃገረዶቹ ቅላቸውን ይዘው ይወርዳሉ፤ ያን ሰሞን ክንድ ሳይቆፈር ውሃ ይገኛል፣ ክፍልም በሰዓቱ ይሞላል።