እሬት ሲባል የትኛው ነው?

በፍኖተ ሰላምና በቡሬ ገጠሮች «እሬት ሆነብኝ» ሲባል መምረሩን የማያውቅ የለም። እናቶች ጡት ሲያስጥሉ የሚቀቡትም ይኸንኑ ነው። ይሁን እንጂ ስሙ አንድ ቢሆንም ነገሩ ሁለት ነው። ቅጠሉ ሲቆረጥ ከልጡ ሥር የሚንጠባጠበው ቢጫ ፈሳሽ መራራና ሆድ የሚያስቀምጥ ሲሆን፣ ለቆዳ ቅባት የሚፈለገው ግን መካከሉ ላይ ያለው ጥርት ያለ ዝልግልግ ነው።

በቅባትና በሳሙና ማሸጊያ ላይ «አሎ ቬራ» የሚባለው ከእሬት ዝርያዎች አንዱ ነው፤ «ቬራ» በላቲን «እውነተኛ» ማለት ሲሆን፣ የዘሩ መገኛም የዐረብ ምድር ነው። በአገራችን ከ40 በላይ የእሬት ዝርያዎች ስላሉ፣ የየጋራው እሬት ሁሉ አሎ ቬራ አይደለም።

ስለዚህ የገበሬ ማኅበር መሪዎች እሬት ፈላጊ ነጋዴ ሲመጣ «የትኛው ዝርያ? የትኛው ክፍል?» ብለው ሊጠይቁ ይገባል። አባሎቻቸውም ቢጫው ፈሳሽ ሳይንጠፈጠፍ እንዳይቀቡ፣ ነፍሰ ጡሮችም ከቶ እንዳይጠጡት ያስገንዝቡ።