ያውቁ ኖሯል? ከአዳራሹ የተረፈው ዳይኖሰር

በአርጀንቲና ፓታጎኒያ፣ በቹቡት ግዛት፣ አንድ የእርሻ ሠራተኛ ከመሬት ብቅ ያለ አጥንት አየ። የትሬሌው ከተማ ሙዚየም ባለሙያዎች ሲቆፍሩ ቢያንስ የስድስት ግዙፍ ዳይኖሰሮች ቅሪተ አካል ወጣ። ከ100 ሚሊዮን ዓመት በፊት የኖረው ይህ ዕፅ በል እንስሳ እ.ኤ.አ. በ2017 ፓታጎቲታን ተባለ።

የጭኑ አጥንት ብቻ 2.38 ሜትር ይረዝማል፤ ቁመተ ሎጋ የሚባል ሰው እንኳ አጠገቡ ቢቆም አናቱ ላይ አይደርስም። ክብደቱ መጀመሪያ 69 ቶን ገደማ ተብሎ ነበር፤ ኋላ ወደ 57 ወርዷል። በአጥንት ብቻ የቀረን እንስሳ መመዘን መቼም ቀላል አይደለም!

ኒው ዮርክ በሚገኘው የአሜሪካ የተፈጥሮ ታሪክ ሙዚየም የቆመው ቅጂው 37 ሜትር ገደማ ስለሚረዝም አዳራሹ አልበቃውም። አንገቱ በበሩ አልፎ ጎብኚዎችን ሊፍቱ ጋ ይቀበላል።