ጨዋታው ይታያል፣ ቋንቋው ግን አይገባም፦ ምን ማድረግ ይቻላል?

እኛ በማኅበረሰቡ ውስጥ የምንሠራ ነርሶች ወደ አረጋውያን ቤት ስንሄድ የምንጠየቀው ስለ ስኳርና ስለ ደም ግፊት ብቻ አይደለም። ከኩፓት ሆሊም ስለመጣ ደብዳቤ፣ ስለ ስልክ፣ ስለ ቴሌቪዥንም እንጠየቃለን። በተለይ ትልልቅ ውድድሮች ሲኖሩ አንድ ጥያቄ ይደጋገማል፦ «ትናንት በዕብራይስጥ ይናገር የነበረው የስፖርት ቻናል ዛሬ በእንግሊዝኛ ወይም በሩሲያኛ ይናገራል። ምን ሆኖ ነው?»

ነገሩ ትንሽ ቢመስልም ጉዳት አለው። አንዳንድ አባቶች ንግግሩ ስላልገባቸው ጆሯቸው የደከመ ይመስላቸውና ድምፁን እስከ መጨረሻው ይጨምራሉ። አንዳንድ እናቶች «ዕብራይስጡም ጠፋብኝ» ብለው ያዝናሉ። ሌሎች ደግሞ ቴሌቪዥኑ ተበላሽቷል ብለው ለጥገና ገንዘብ ይከፍላሉ። ብዙውን ጊዜ ግን ጆሮውም፣ አእምሮውም፣ ቴሌቪዥኑም ደህና ናቸው። የተለወጠው የድምፅ ምርጫ ብቻ ነው፤ እሱም ያለ ምንም ክፍያ በራስ እጅ ሊመለስ ይችላል።

ሌላው ቋንቋ ከየት ይመጣል?

በዲጂታል ስርጭት ምስሉና ድምፁ ለየብቻ ሆነው ነው የሚላኩት። ለአንድ ምስል ሁለት፣ ሦስት ወይም ከዚያ በላይ ድምፅ አብሮ ሊመጣ ይችላል። እያንዳንዱ ድምፅ ቋንቋውን የሚናገር አጭር ምልክት አለው። ስርጭቱን የሚቀበለው መሣሪያ ያንን ምልክት ያይና በውስጡ ከተመዘገበው የቋንቋ ምርጫ ጋር አስተያይቶ አንዱን ድምፅ ያሰማል፤ ሌሎቹን ዝም ያሰኛቸዋል።

በስፖርት ላይ ይህ ለምን ይበዛል? ትልልቅ ውድድሮችን የሚቀርጸው አንድ አካል ነው። ምስሉና የሜዳው ድምፅ ለብዙ አገሮች አንድ ሆኖ ይላካል፤ የየአገሩ ጣቢያ ደግሞ የራሱን ተናጋሪ ይጨምርበታል። ለምሳሌ በ2023 በቡዳፔስት በተካሄደው የዓለም አትሌቲክስ ሻምፒዮና በወንዶች ማራቶን ማሩ ተፈሪ ለእስራኤል ብር ሲያገኝ፣ የኢትዮጵያው ልዑል ገብረሥላሴ ነሐስ አግኝቷል። ሩጫው አንድ፣ ምስሉ አንድ ነው፤ የሚተረክበት ቋንቋ ግን እንደ ጣቢያው ይለያያል። ስለዚህ አንድ ቻናል ከአንድ በላይ ቋንቋ ሲልክ መሣሪያችን የማንፈልገውን ሊመርጥ ይችላል። ይህ የሚሆነው አንድ ሰው፣ ብዙ ጊዜ ሕፃን ልጅ፣ ሳያውቅ ቁልፍ ሲነካ ነው፤ ወይም መሣሪያው ራሱን ሲያድስ ምርጫው ሲለወጥ ነው።

በቅደም ተከተል ይሞክሩ

አንደኛ፣ ችግሩ የት እንዳለ ይለዩ። ወደ ዜና ቻናል ይቀይሩ። ዜናው በዕብራይስጥ ከተሰማ ችግሩ በስፖርቱ ቻናል ላይ ብቻ ነው። ከዚያ በዚያው ኩባንያ የሚጠቀም ጎረቤት ወይም ዘመድ ጋ ይደውሉና ያንኑ ጨዋታ በምን ቋንቋ እንደሚሰሙ ይጠይቁ። እነሱም በእንግሊዝኛ ብቻ የሚሰሙ ከሆነ ስርጭቱ እንዲሁ ነው የመጣው ማለት ነው፤ እርስዎ ቤት የሚስተካከል ነገር የለም። ጨዋታው ከመጀመሩ በፊት ከሆነ ትንሽ መጠበቅም ጥሩ ነው፤ የአገሩ ተናጋሪ ገና አልገባ ይሆናል።

ሁለተኛ፣ ትክክለኛውን ሪሞት ይያዙ። ብዙ ሰው የሚቸገረው እዚህ ላይ ነው። ቋንቋውን የሚመርጠው ስርጭቱን የሚቀበለው መሣሪያ ነው። ቤትዎ የኬብል ወይም የሳተላይት ሳጥን፣ ማለትም «ሜሚር» ካለ፣ መለወጥ ያለብዎት በሜሚሩ ሪሞት ነው። በቴሌቪዥኑ ሪሞት የቱንም ያህል ቢሞክሩ ለውጥ አይመጣም፤ ወደ ቴሌቪዥኑ የሚደርሰው አስቀድሞ የተመረጠ ድምፅ ነውና። ሜሚር ሳይኖር አንቴናው ቀጥታ ከቴሌቪዥኑ ጋር ከተያያዘ ግን የቴሌቪዥኑን ሪሞት ይጠቀሙ።

ሦስተኛ፣ ጨዋታውን እያዩ የድምፅ ቁልፉን ይፈልጉ። በአንዳንድ ሪሞት ላይ «ሳፋ» ወይም «ኦዲዮ» የሚል ጽሑፍ አለው። አንዴ ሲጫኑት የቋንቋዎች ዝርዝር ይመጣል፤ ወይም ድምፁ በየተጫኑት ቁጥር ይለዋወጣል። «ዒቭሪት» የሚለው ላይ ሲደርሱ ያቁሙ። እንዲህ ያለ ቁልፍ ከሌለ ስለ ፕሮግራሙ መረጃ የሚያሳየውን ቁልፍ ይጫኑ፤ የድምፅ ምርጫው እዚያ ውስጥ ሊገኝ ይችላል። በስልክ ወይም በመተግበሪያ የሚያዩ ከሆነ ስክሪኑን አንዴ ይንኩና የንግግር ወይም የጥርስ መዘውር ምልክቱን ይክፈቱ።

አራተኛ፣ ቻናል ሲቀይሩ የውጭው ቋንቋ ተመልሶ የሚመጣ ከሆነ ዋናውን ምርጫ ያስተካክሉ። «ሃግዳሮት» የሚለውን ይክፈቱ፤ ከዚያ የድምፅ ቋንቋ የሚለውን፣ በዕብራይስጥ «ሴፋት ሼማ» ወይም «ሴፋት ኦዲዮ» የሚለውን ይምረጡ። እዚህ ላይ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። በዚያ ገጽ ሦስት የተለያዩ ቋንቋዎች ሊኖሩ ይችላሉ፦ የድምፁ ቋንቋ፣ ከስር የሚጻፈው የ«ክቱቪዮት» ቋንቋ እና የራሱ የመሣሪያው ጽሑፍ ቋንቋ። የመሣሪያውን ጽሑፍ ወደማያነቡት ፊደል ከለወጡት መመለሱ ይከብዳል። ስለዚህ የድምፁን ብቻ ይንኩ።

አምስተኛ፣ ይህ ሁሉ ካልሠራ ሜሚሩን ከኤሌክትሪክ ይንቀሉ፤ ግማሽ ደቂቃ ያህል ቆይተው ይሰኩት። እስኪነሳ ጥቂት ደቂቃ ሊወስድ ስለሚችል ይህን ከጨዋታው በፊት ማድረግ ይሻላል።

ድምፁ እንግዳ ሲሆን

ሁለት ሰዎች በሁለት ቋንቋ በአንድ ጊዜ የሚናገሩ ከመሰለዎት፣ አንዱ ቋንቋ በግራ፣ ሌላው በቀኝ ድምፅ ማጉያ እየመጣ ሊሆን ይችላል። በድምፅ ምርጫው ውስጥ ግራውን ወይም ቀኙን ብቻ ይምረጡ።

የተመልካቹ ጩኸት እየተሰማ ተናጋሪው ከጠፋ፣ የሜዳ ድምፅ ብቻ ያለው ምርጫ ተይዞ ይሆናል፤ የድምፅ ቁልፉን ደግመው ይጫኑ። ያም ካልሆነ ለብዙ ድምፅ ማጉያ የተዘጋጀ ድምፅ እየመጣ ይሆናል፤ በ«ሃግዳሮት» ውስጥ «ስቴሪዮ» የሚለውን ይምረጡ።

በስክሪኑ ላይ የሚሆነውን ሁሉ፣ ማን እንደገባ፣ ምን እንደለበሰ የሚተርክ ድምፅ ከሰሙም አይደንግጡ። ማየት ለተሳናቸው ሰዎች የተዘጋጀ የትረካ ድምፅ ነው። እሱም በዚያው በድምፅ ምርጫ ይጠፋል።

ጆሮ ነው ወይስ ቋንቋ?

ይህን መለየት ለጤናም ይጠቅማል። የካን ሬካን የአማርኛ ስርጭት በራዲዮ ይክፈቱ። ቃሉ በመጠነኛ ድምፅ ጥርት ብሎ ከተሰማዎት በቴሌቪዥኑ ላይ ያስቸገረዎት ቋንቋው ሊሆን ይችላል። አማርኛውም ቢሆን ድምፁ ካልተጨመረ የማይለይ ከሆነ፣ ወይም ቤተሰብ ሲያወራ «ምን አልክ?» ማለት ካበዙ፣ ለቤተሰብ ሐኪምዎ ይንገሩና የጆሮ ምርመራ ይጠይቁ። አንዳንዴ ምክንያቱ የጆሮ ኩክ ብቻ ነው። ድምፁን ከፍ አድርጎ ለረጅም ሰዓት መስማት ግን ለችግሩ መፍትሔ አይሆንም፤ ጆሮንም ሊጎዳ ይችላል።

ወደ ኩባንያው ከደወሉ

መጀመሪያ የሚሉትን ያዘጋጁ፦ የቻናሉን ስም፣ የጨዋታውን ሰዓት፣ የተሰማውን ቋንቋና የሞከሩትን ነገር። በሸማቾች ጥበቃ ሕግ መሠረት የቴሌቪዥን አገልግሎት የሚሰጥ ኩባንያ ለብልሽት የሚደውልን ሰው ከ6 ደቂቃ በላይ ሳያስጠብቅ ከሰው ጋር ማገናኘት አለበት። ብዙ ጊዜ ነገሩ በስልክ ስለሚፈታ ቴክናይ ለማስመጣት አይቸኩሉ። ይመጣል ከተባለም ዋጋ እንዳለው አስቀድመው ይጠይቁ። ቴክናዩ ከተቀጠረበት ሰዓት ከ2 ሰዓት በላይ ከዘገየ ሕጉ 300 ሸቀል፣ ከ3 ሰዓት በላይ ከዘገየ 600 ሸቀል ካሳ ይፈቅዳል፤ ሕጉ ራሱ የጠቀሳቸው ምክንያቶች ሲኖሩ ግን አይከፈልም።

ለቋንቋው ሲደውሉ አዲስ የስፖርት ጥቅል ወይም «ሃቪላ» እንዲገዙ ቢጠየቁ ረጋ ይበሉ። የዕብራይስጡ ድምፅ ካለ አሁን በከፈሉበት ቻናል ውስጥ ነው ያለው። በስልክ «እሺ» ብለው ከተጸጸቱም መብት አለዎት፦ ዕድሜያቸው ከ65 ዓመት በላይ የሆኑ፣ አካል ጉዳተኞች እና አዲስ ዓሊያዎች ከሻጩ ጋር ተነጋግረው በስልክ የገቡትን ውል በ4 ወር ውስጥ መሰረዝ ይችላሉ። ስሕተቱን እናስተካክል ብሎ ራሱ ለሚደውል ለማያውቁት ሰው ግን የካርድ ቁጥር አይስጡ።

ለልጆችና ለልጅ ልጆችም አንድ አደራ አለን። መጥታችሁ አስተካክላችሁ ብቻ አትሂዱ። ሪሞቱን ለአባትና ለእናት እጅ ስጡ፤ እነሱ ሦስት ጊዜ ይሞክሩት። በድምፅ ቁልፉ ላይ ባለ ቀለም ፕላስተር ለጥፉ፤ ቅደም ተከተሉን በአማርኛ በትልልቅ ፊደል ጽፋችሁ ከቴሌቪዥኑ አጠገብ አኑሩ። ማንበብ ለማይችሉ ቀለሙ ይበቃል።