በዓይን የምንተዋወቅ

ጠዋት ጠዋት የመገናኛ ታክሲ ሰልፍ የሚይዝ ሰው ከሰልፈኛው ብዙውን በዓይን ያውቀዋል። ዝርዝር ብሩን ከቤቱ ቆጥሮ የሚመጣውን ሰውዬ፣ ዳቦዋን ቆማ የምትጨርሰውን ተማሪ። ስማቸውን አያውቅም፤ ሰላም ብሏቸውም አያውቅ። ልጅቷ ሳምንት ብትጠፋበት ግን «ምን አግኝቷት ይሆን?» ማለቱ አይቀርም።

አሜሪካዊው የሥነ ልቦና ተመራማሪ ስታንሊ ሚልግራም በ1972 (እ.ኤ.አ.) የጻፈው ስለዚህ ዓይነቱ ትውውቅ ነው። ተማሪዎቹ ባቡር የሚጠብቁ ሰዎችን ፎቶ አነሱ፤ በኋላም ፎቶውን ለዚያው ጣቢያ ተመላላሾች አደሉ። ከ10 ሰዎች 9ኙ ያህል ቢያንስ አንድ የሚያውቁት መልክ አገኙበት። አንድ ተሳፋሪ በአማካይ 4 ሰዎችን በመልክ ብቻ ሲለይ፣ አነጋግሯቸው የሚያውቃቸው ግን 2 እንኳ አይሞሉም። ሚልግራም ዝምታውን ከክፋት አልቆጠረውም። ከተሜ ያገኘውን ሁሉ ላናግር ቢል ሥራ ሳይገባ ይመሽበታል፤ ስለዚህ ትኩረቱን ይቆጥባል።

ቁጠባው ከልክ ሲያልፍስ? ኒኮላስ ኤፕሊ እና ጁሊያና ሽሮደር በ2014 (እ.ኤ.አ.) ባሳተሙት ጥናት የቺካጎ ባቡር ተሳፋሪዎችን ለሦስት ከፈሉ። አንደኛው ቡድን አጠገቡ ያለውን የማያውቀውን ሰው እንዲያጫውት፣ ሁለተኛው ብቻውን ዝም ብሎ እንዲቀመጥ፣ ሦስተኛው እንደ ልማዱ እንዲጓዝ ተነገረው። ጉዞው ይበልጥ የተመቻቸው ያወሩት ሆኑ። የሚገርመው፣ ሌሎች ተሳፋሪዎች ውጤቱን ገምቱ ሲባሉ ዝም ያለው ይደሰታል ማለታቸው ነው። ያሳታቸው አንዱ ነገር «አጠገቤ ያለው ሰው ወሬ አይፈልግም» የሚል ግምት ነበር። እኛ ጋ ይህን ግምት የሚያፈርስልን ረዳቱ ነው፤ መልስ ሲያጓድል ታክሲው ሙሉ ዘመድ ይሆናል።

በዚያው ዓመት ጂሊያን ሳንድስትሮም እና ኤሊዛቤት ደን በካናዳ ቫንኩቨር ቡና ገዢዎችን ፈተሹ። ከአስተናጋጁ ጋር ፈገግ ብለው ጥቂት የተጫወቱት፣ ከፍለው ቶሎ ከወጡት ይልቅ ደስ ብሏቸው፣ ባይተዋርነታቸውም ቀንሶ ተገኘ። ጀበና ቡና ላይ በርጩማ ስቦ መቀመጥ የለመደ ሰው ይህ ብርቅ አይሆንበትም።

ያም ሆኖ ሙከራዎቹ የለኩት የአንድ ጉዞን፣ የአንድ ስኒን ስሜት ነው። ብቸኝነትን ለረጅም ዓመታት ያጠናው ጆን ካሲዮፖ ከረሃብ ጋር ያመሳስለው ነበር፦ ረሃብ ምግብ ፈልግ እንደሚል፣ እሱም ሰው ፈልግ ይላል። ኮንዶሚኒየም ገብቶ፣ ታሞ ቢተኛ አጥሚት ይዞ በሩን የሚያንኳኳለት ያጣ ሰው ጉዳይ በባቡሩም በቡናውም ሙከራ አልተነካም።