ዝምታና ሽጉጥ፦ «ሚዝ 45» የበቀልን ትርጉም የሚመረምርበት መንገድ

እ.ኤ.አ. በ1981 ለዕይታ የበቃው «ሚዝ 45» በአቤል ፌራራ አዘጋጅነት፣ በአነስተኛ በጀት በኒውዮርክ የተሠራ ፊልም ነው። ዋናዋ ገጸ ባሕርይ ታና በልብስ ሰፊነት የምትተዳደር፣ መናገር የማትችል ወጣት ናት። በአንድ ቀን ሁለት ጊዜ ትደፈራለች፤ ሁለተኛውን ደፋሪ በካውያ መትታ ትገድለውና ሽጉጡን ትወስዳለች። ከዚያም ወንዶችን እያደነች መግደል ትጀምራለች። ፊልሙ ለሴቶች መብት ይቆማል ወይስ በሴት ላይ የሚፈጸም ግፍን ለገበያ ያቀርባል የሚለው ጥያቄ በግድያዎቹ ብቻ መልስ አያገኝም። ጥያቄውን ለመመርመር የታና ዝምታ የተሻለ መነሻ ነው።

በፊልሙ ውስጥ ወንዶች ያለማቋረጥ ይናገራሉ። በጎዳና ይለክፋሉ፣ በሥራ ቦታ ያዝዛሉ፣ ያባብላሉ። ታና ግን መጮኽም ሆነ የደረሰባትን በቃል ማስረዳት አትችልም። በቀረጻው ወቅት በአሥራዎቹ ዕድሜ የነበረችው ተዋናይት ዞዊ ታመርሊስ ፍርሃቱንም ቁጣውንም የምትገልጸው በዓይኗና በፊቷ ብቻ ነው። ስለዚህ ሽጉጡ የጦር መሣሪያ ብቻ ሳይሆን የመናገሪያ መንገድም ይሆናል።

ይሁን እንጂ ይህ መናገሪያ ከደፋሪው የተወሰደ ነው፤ ጠባዩንም ይዞ ይመጣል። ታና በመንገድ ላይ ሴት የሚደበድብን ሰው ትገድላለች፤ ቆይታ ግን ከፍቅረኛው ጋር ከመሳሳም በቀር ያጠፋው ነገር የሌለ ወጣትን ትከታተላለች። ወጣቱ የሚተርፈው ቀድሟት ወደ ቤቱ በመግባቱ ነው። በዚህ ትዕይንት በበዳይና በወንድ መካከል የነበረው ልዩነት ይጠፋል፤ እስከዚያ ድረስ ከታና ጋር የቆመው ተመልካችም አቋሙን ለመመርመር ይገደዳል።

ፍጻሜው ይህን ሐሳብ ያጠናክራል። ታና የመነኩሲት ልብስ ለብሳ በሃሎዊን ግብዣ ላይ ወንዶችን ስትገድል የሥራ ባልደረባዋ ከኋላ በቢላዋ ትወጋታለች። ታና ለመተኮስ ዞራ ሴት መሆኗን ስታይ አትተኩስም፤ በፊልሙ ውስጥ ብቸኛ የሆነውን ቃሏን ትናገራለች፦ «እህት»። በእንግሊዝኛ ይኸው ቃል መነኩሲትንም ስለሚያመለክት ከለበሰችው ልብስ ጋር ይገናኛል። ቃሉ የሚሰማው ግን ከሞት አፋፍ ላይ ነው። ፊልሙ በቀልን አያጸድቅም፤ ተበዳይን የሚሰማ በሌለበት በቀል እንዴት እንደሚወለድና ለይቶ መምታትንም እንዴት እንደሚያጣ ያሳያል።