አረቄ በማር

የቤተ ክርስቲያን የዜማ መጽሐፍ የሆነው ድጓ በሚመሰከርባት በቤተ ልሔም አገር፣ በጋይንት ደጋ፣ ብርዱ ሲከፋ ወይም ጉንፋን ሲይዝ የሚታዘዝ መጠጥ አለ፦ አንድ መለኪያ አረቄ፣ በላዩ ማር።

ማሩ ወዲያው አይዋሀድም። ከአረቄው አንድ ተኩል እጥፍ ያህል ስለሚከብድ ከመለኪያው ሥር ይተኛል። ሲያማስሉት ቀጫጭን ክር እየመሰለ ይነሣል፤ ብርሃን ማር በበዛበትና ባልበዛበት ፈሳሽ እኩል ስለማይታጠፍ ነው። ስኳር በንጹሕ አልኮል እምብዛም አይሟሟም። ማሩን የሚያሟሟው በአረቄው ውስጥ ያለው ውሃ ነው፤ የተራው አረቄ አልኮል ሲሶ ገደማ ሲሆን ሁለተኛ የተጣራው ዳግም አረቄም ቢሆን አብዛኛውን ጊዜ ከግማሽ አያልፍም።

ጉሮሮውን የሚለበልበውስ? አፍና ጉሮሮ ውስጥ ቃጠሎን የሚያስጠነቅቁ ነርቮች አሉ። በወትሮው የሚነቁት ሙቀቱ 42 ዲግሪ ሲደርስ ነው። አልኮል ይህን ወደ 34 ዝቅ ያደርገዋል፤ የሰው ገላ ደግሞ 37 ነው። እንግዲህ አረቄ ጠጪን የሚያቃጥለው የገዛ ሙቀቱ ነው ማለት ይቻላል። ሚጥሚጣም የሚያንኳኳው ይህንኑ በር ነው። የማሩ ጣፋጭነት ምላስን ያዘናጋል እንጂ አልኮሉን አይቀንስም፤ ሁለተኛው መለኪያ ቶሎ የሚከተለውም ለዚህ ይመስለኛል።

ብርድ ያባርራል የሚባለው ግን አያስኬድም። አልኮል የቆዳን የደም ሥሮች ያሰፋል፤ ከውስጥ የመጣው ትኩስ ደም ቆዳውን ሲያሞቀው ሰውዬው ተመቸኝ ይላል፤ ሙቀቱ ግን ወደ አየሩ እየወጣ ነው። ምድጃ ዳር ለተቀመጠ ግድ የለም። ጠጥቶ በሌሊት የጉና ተራራን ነፋስ ለሚጋፈጥ ግን አደጋ ነው። ለጉንፋኑም ቢሆን ሳልን በማለዘብ በጥናት የተደገፈው ማሩ ነው፤ አረቄው በከንቱ ይመሰገናል።

የጋይንቷ ከተማ ነፋስ መውጫ ከባሕር ጠለል በላይ 3000 ሜትር ገደማ ላይ ስለሆነች ውሃ የሚፈላው በ90 ዲግሪ አካባቢ ነው፤ የባቄላ ንፍሮ የሚያዘገየውም ይኸው ነው። አልኮልም በ78 መፍላቱ ቀርቶ ወደ 70 ይወርዳል። ሁለቱ አብረው ስለወረዱ ልዩነታቸው ብዙም አይለወጥም፤ የደጋ አረቄ በከፍታው ምክንያት አይበረታም። አረቄ የምታወጣ ሴት ድፍድፉን ጥዳ፣ የማሰሮውን አፍ በጭቃ መርጋ፣ እንፋሎቱን በመቃ ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ወደ ተነከረ ዕቃ ትመራዋለች። የጋይንት ውሃ ቀዝቃዛነት የሚጠቅማት እዚህ ላይ ነው። እሳቱን ካበዛችው ግን የውሃው እንፋሎት አብሮ ይጎርፍና አረቄው ይቀጥናል።

ገዢ ሲጠራጠር ጥቂት እሳት ላይ ይረጫል፤ ቦግ ካለ ደህና ነው ይባላል። ነበልባሉ የሚመሰክረው ስለ ብርታቱ ብቻ ነው። ዓይን የሚያጠፋው ሜታኖልም ቦግ ብሎ ይነድዳል።