ምክር የሚገዛው ዘውድ

የሰሎሞን ልጅ ሮብዓም፥ ሕዝቡ ቀንበሩን እንዲያቀልለት በለመነው ጊዜ፥ የሽማግሌዎችን ምክር ትቶ አብሮ አደጎቹ የመከሩትን በመቀበሉ ዐሥሩ ነገድ እንደ ከዱት በመጽሐፈ ነገሥት ተጽፎ እናነባለን። ክፉ የመከሩት ሌሎች ሲሆኑ ዕዳውን የከፈለው እርሱ ነው፤ ምክርን የመምረጥም የመናቅም ሥልጣን በእጁ ነበረና። እንግሊዞች ከነገሥታታቸው ጋራ ብዙ ዘመን ተጣልተው፥ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1649 ዓመተ ምሕረትም የአንዱን አንገት እስከ መቍረጥ ደርሰው፥ በመጨረሻ ያቆሙት ሥርዓተ መንግሥት ግን ይህን ገልብጦታል፤ በዚያ አገር ንጉሥ የተመከረውን ይፈጽማል፥ የሚጠየቅበትም የመከረው ሰው ነው።

ምክሩ ትእዛዝ ሆኖ የሚጸድቅበት ጉባኤ ፕሪቪ ካውንስል ይባላል። አባላቱ በብዙ መቶ ይቈጠራሉ፤ ዳሩ ግን ለዘወትሩ ሥራ የሚጠሩት በሥልጣን ላይ ካሉት ሚኒስትሮች ጥቂቶች ብቻ ሲሆኑ፥ ንጉሡም እነርሱም እንደ ቆሙ የጉባኤው ሊቀ መንበር የትእዛዞቹን ርእስ ያነባል፥ ንጉሡም «ጸድቋል» ይላል፥ ጉባኤውም ይፈታል። ክርክር የለም፤ ክርክሩ አስቀድሞ በሚኒስትሮች ዘንድ አልቋል።

ታዲያ ንጉሥ ማኅተም ብቻ ነውን? ዋልተር ባጆት የተባለው ጸሓፊ በ1867 ባሳተመው መጽሐፍ ሦስት መብት ቀርቶለታል ብሏል፤ ሊማከሩት ይገባል፥ ሊያበረታታ ይችላል፥ ሊያስጠነቅቅም ይችላል። ይህም በየሳምንቱ ከጠቅላይ ሚኒስትሩ ጋራ ለብቻቸው ሲነጋገሩ የሚፈጸም፥ ቃሉም ከእልፍኝ የማይወጣ ምሥጢር ነው። ተናግሮ ሳይሰማ ቢቀር ግን ይፈርማል። ፓርላማው የወሰነውን ሕግ አላጸድቅም ያለችው የመጨረሻዪቱ ዘውድ ጫኝ ንግሥት አን ናት፥ ዘመኑም 1708፤ እርስዋም ብትሆን ሚኒስትሮችዋ መክረዋት ነው።

የዚህ ሥርዓት ጽናት በግልጥ የተፈተነው በ2019 ነው። ጠቅላይ ሚኒስትሩ ቦሪስ ጆንሰን፥ አገራቸው ከአውሮፓ ኅብረት የምትወጣበት ቀን ሲቃረብ፥ ፓርላማው አምስት ሳምንት ያህል እንዲዘጋ ለንግሥት ኤልሳቤጥ መከሩ፤ ነሐሴ መጨረሻ ላይም ሦስት የፕሪቪ ካውንስል አባላት ስኮትላንድ ወደሚገኘው ባልሞራል ሄደው ትእዛዙን አቀረቡ፥ ንግሥቲቱም አጸደቁ። በልባቸው ምን እንዳሰቡ ማንም አልጠየቃቸውም፤ ሥርዓቱም እንዲጠየቁ አይሻም። ነገሩ ወደ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሄዶ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ሴፕቴምበር 24 ቀን ዐሥራ አንዱ ዳኞች በአንድ ቃል ሲፈርዱ፥ ምክሩ ፓርላማው ሥራውን እንዳይሠራ ያለ በቂ ምክንያት የሚከለክል ስለ ሆነ ሕገ ወጥ ነው፥ ከርሱ የተወለደውም ትእዛዝ እንዳልነበረ ይቈጠራል አሉ፤ በማግሥቱም እንደራሴዎቹ ተመልሰው ተቀመጡ። ንግሥቲቱ የተናገሩት ቃል ሲፈርስ በንግሥቲቱ ላይ የወቀሳ ቃል አልወጣም። በእኔ አስተያየት የዚህ ሥርዓት ጥበቡም ዋጋውም እዚህ ላይ ይታያል፤ ዘውዱ ከነቀፋ የሚድነው የገዛ ፈቃዱን አሳልፎ በመስጠቱ ነው፥ ዳኞችም ምክሩን ሊመረምሩ ባይደፍሩ ኖሮ ተጠያቂ የሌለው ትእዛዝ በተገኘ ነበር።

በእኛም አገር በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት የዘውድ ምክር ቤትን አቋቁሞ ነበር፤ ሊቀ ጳጳሱ፥ የሕግ መወሰኛው ምክር ቤት ፕሬዚደንት፥ ንጉሠ ነገሥቱም የመረጧቸው መሳፍንትና ሚኒስትሮች ይቀመጡበት ነበር። ሆኖም መካሪዎቹ ይመክራሉ እንጂ አያስገድዱም፤ ቍርጡ የንጉሠ ነገሥቱ ነበር፥ ሮብዓም በነበረበት ሥርዓት ማለት ነው። መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. ከዙፋን ያወረዳቸው አዋጅም በሥልጣን ያላግባብ ተጠቅመዋል ብሎ የከሰሰው ራሳቸውን ንጉሠ ነገሥቱን ነው።